አልትራሳውንድ በዘር ፍሬ ኢንፌክሽንና ብግነት ምርመራ፦ አጠቃቀማችን ሲመረመር

የአልትራሳውንድ መሣሪያ በሀገራችን ሆስፒታሎች እየተስፋፋ ከመጣ ወዲህ ለሐኪሙም ለሕመምተኛውም ያስገኘው ጥቅም በቀላሉ ተዘርዝሮ የሚያልቅ አይደለም። ሕመምተኛው ለጨረር ሳይጋለጥና ሰመመን ሳያስፈልገው በጥቂት ደቂቃዎች ውስጥ የውስጥ አካሉ በዓይን ይታያል። የወንድ የዘር ፍሬ ከረጢትን በተመለከተ ደግሞ ከዚህ መሣሪያ ጋር ሊወዳደር የሚችል ሌላ የምስል ምርመራ የለም ቢባል ማጋነን አይሆንም። እ.ኤ.አ. በ1970ዎቹ በአልትራሳውንድ ይህን የአካል ክፍል መመርመር ከተጀመረ በኋላ፣ በተለይም የደም ፍሰትን በቀለም የሚያሳየው ዶፕለር ሲታከልበት፣ ቀድሞ በጣት ዳሰሳ ብቻ ይገመት የነበረው ብዙ ነገር የሚታይና የሚለካ ሆኗል።

የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ግን መሣሪያውን ማወደስ አይደለም። መሣሪያው በእጃችን ከገባ በኋላ እንዴት እየተጠቀምንበት እንደሆነ መጠየቅ ነው። ይህን ጽሑፍ የማቀርበው የራዲዮሎጂ ባለሙያ ሆኜ ሳይሆን ምርመራውን ከሚያዙትና ውጤቱን አንብበው መድኃኒት ከሚጽፉት ሐኪሞች እንደ አንዱ ነው። በመሆኑም የሚሰነዘረው ሂስ በቅድሚያ የሚያነጣጥረው በምርመራ አዛዡ ላይ ነው፤ ከእነዚያም መካከል በራሴ ላይ።

አንድ ገጠመኝ

ከጥቂት ዓመታት በፊት በአንድ ሆስፒታል በጠቅላላ ሐኪምነት ሳገለግል አንድ የ16 ዓመት ወጣት ከአባቱ ጋር ከረፋዱ 4 ሰዓት ላይ ወደ ተመላላሽ ክፍል መጣ። ሕመሙ የጀመረው ሊነጋ ሲል፣ ከለሊቱ 11 ሰዓት ገደማ እንደነበር ተናገረ። በመጀመሪያ ያለኝ «ሆዴን አመመኝ» ነበር። አባትየው ለጥቂት ጊዜ ውጭ እንዲቆዩ ከጠየቅኋቸው በኋላ ነው ሕመሙ የግራ ፍሬው ላይ መሆኑን አንገቱን ደፍቶ የገለጸልኝ። ጠዋት አንድ ጊዜ አስመልሶታል። ስዳስሰው የዘር ፍሬው አብጧል፤ ሲነካም በጣም ያመዋል። የውስጥ ጭኑን በስሱ ነክቼ የዘር ፍሬው ወደ ላይ መሰብሰብ አለመሰብሰቡን ግን አላየሁም። ከወትሮው ከፍ ብሎ መቀመጡን አለመቀመጡንም ልብ አላልኩም። በመጠየቂያ ወረቀቱ ላይ «የዘር ፍሬ ሕመም፤ ኢንፌክሽን?» ብዬ ጽፌ ወደ አልትራሳውንድ ክፍል ላክሁት።

ወረፋው ረጅም ስለነበረ ምርመራው የተደረገለት እኩለ ቀን ካለፈ በኋላ ነው። በዚያን ሰዓት ሕመሙ ቀንሶለት ነበር። ውጤቱም «የግራ ዘር ፍሬና ኤፒዲዲሚስ አብጠዋል፤ የደም ፍሰት ጨምሯል፤ ኤፒዲዲሞ ኦርካይቲስ» ይላል። እኔም ሕመሙ መቀነሱንና የወረቀቱን ቃል እንደ መልካም ዜና ተቀብዬ፣ ሴፍትራያክሶን በመርፌ ሰጥቼና ዶክሲሳይክሊን አዝዤ በሳምንቱ እንዲመለስ ነግሬ ሸኘሁት።

ልጁ የተመለሰው በ4ኛው ቀን ነው። ወደ ቤቱ በሄደ በዚያው ምሽት ሕመሙ እንደገና ጸንቶበት ነበር፤ ነገር ግን «መድኃኒቱ እስኪሠራ ነው» በሚል ታግሰዋል። የዘር ፍሬው እንደ ድንጋይ ጠጥሯል፤ የከረጢቱ ቆዳም ቀልቷል። የቀዶ ሐኪሙ ሲከፍተው ገመዱ ሁለት ሙሉ ዙር ተጠምዝዞ፣ የዘር ፍሬውም ጠቁሮ ተገኘ። ከማውጣት በስተቀር ምርጫ አልነበረም። የቀኙ ፍሬ ተመሳሳይ አደጋ እንዳይደርስበት በስፌት ተይዞ ልጁ ወደ ዋርድ ተመለሰ። አባትየው ሁኔታው ከተነገራቸው በኋላ ያነሡት ጥያቄ አንድ ብቻ ነበር፦ «ዶክተር፣ በመሣሪያ ታይቶ አልነበረም ወይ?»

በጊዜው የሰጠኋቸው መልስ የሚያጠግብ አልነበረም። ጥያቄው ግን በጥሞና ሊታይ የሚገባው ነው፤ ምክንያቱም ነገሩ በእርግጥ በመሣሪያ ታይቷል። መሣሪያው ያሳየውም ሐሰት አልነበረም። ስሕተቱ የተፈጠረው መሣሪያው ያሳየውን እኛ በተረጎምንበት መንገድ ነው።

ቀለሙ የሚነግረንና የማይነግረን

የኤፒዲዲሚስና የዘር ፍሬ ብግነት አብዛኛውን ጊዜ የሚነሣው ከሽንት ቧንቧ ወይም ከፊኛ ወደ ኋላ በሚዛመት ኢንፌክሽን ነው። ተሕዋስያኑ በዘር ቱቦው በኩል ወደ ኤፒዲዲሚስ ጭራ ይደርሳሉ፤ ከዚያ ወደ ራሱ፣ ቀጥሎም ወደ ዘር ፍሬው ይሻገራሉ። ከ35 ዓመት በታች በሆኑና የግብረ ሥጋ ግንኙነት በጀመሩ ወንዶች ዋናዎቹ መንስኤዎች ክላሚዲያና ጨብጥ ሲሆኑ፣ ዕድሜያቸው በገፋና የሽንት መውጫ መዘጋት ባለባቸው ደግሞ እንደ ኢ ኮላይ ያሉ የአንጀት ባክቴሪያዎች ይበዛሉ። በአልትራሳውንድ ሲታይ ኤፒዲዲሚሱ ያብጣል፣ ከወትሮው ይጠቁራል፣ የደም ፍሰቱ ይጨምራል፤ በዙሪያው ፈሳሽ ሊጠራቀምና የከረጢቱም ግድግዳ ሊወፍር ይችላል።

ዶፕለር ለዚህ ምርመራ ያበረከተው አስተዋጽኦ የሚናቅ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1991 ሆርስትማንና ባልደረቦቹ በራዲዮሎጂ መጽሔት ባወጡት ጥናት፣ 20 በመቶ ያህል በሚሆኑት የኤፒዲዲሚስ ብግነቶችና 40 በመቶ ያህል በሚሆኑት የዘር ፍሬ ብግነቶች ተራው ጥቁርና ነጭ ምስል ምንም ለውጥ ሳያሳይ የደም ፍሰት መጨመር ብቻ ተገኝቷል። ይህም ማለት ዶፕለር ባይኖር ኖሮ እነዚህ ሕመምተኞች «ጤናማ» ተብለው ይመለሱ ነበር ማለት ነው።

ይሁን እንጂ የደም ፍሰት መጨመር አካል ለጉዳት የሚሰጠው ምላሽ እንጂ የጉዳቱ ስም አይደለም። ተመሳሳይ ቀለም በስክሪኑ ላይ ሊያመጡ የሚችሉ ሌሎች ሁኔታዎች ቢያንስ አራት ናቸው። አንደኛው፣ ተጠምዝዞ የነበረ የዘር ፍሬ በራሱ ሲፈታ ተከልክሎ የቆየው ደም በብዛት ስለሚመለስ ከብግነት የማይለይ ቀለም ይታያል፤ በተጠቀሰው ወጣት ላይ የሆነውም ይኸው እንደነበረ አምናለሁ። ሁለተኛው፣ በልጆች ዘንድ በዘር ፍሬው ላይ ያለች ትንሽ ተቀጥላ ስትጠመዘዝ በአጠገቧ ያለው ኤፒዲዲሚስ ያብጣል፣ ደሙም ይጨምራል። ሦስተኛው፣ የዘር ፍሬው ከሞተ ቀናት ሲያልፉ በዙሪያው ባለው የከረጢት ሥጋ ላይ የደም ፍሰት ስለሚጨምር፣ ያልተጠነቀቀ ተመልካች ይህንኑ የዘር ፍሬው ፍሰት አድርጎ ይወስደዋል። አራተኛው የዘር ፍሬ ካንሰር ነው። ከእነዚህ ሕመምተኞች ውስጥ 10 በመቶ የሚሆኑት መጀመሪያ ወደ ሐኪም የሚመጡት በድንገተኛ ሕመም ነው፤ የዕጢውም የደም ፍሰት ከብግነት ጋር ሊመሳሰል ይችላል።

የተገላቢጦሹም እንዲሁ እውነት ነው። የዘር ፍሬ ሲጠመዘዝ የደም ፍሰት የግድ ወዲያውኑ አይቋረጥም። በቅድሚያ የሚታፈኑት ግድግዳቸው ስስ የሆነው ደም መላሽ ሥሮች ሲሆኑ፣ ደም ወሳጁ ለተወሰነ ጊዜ ሊሠራ ይችላል። እ.ኤ.አ. በ2007 ካልፋና ባልደረቦቹ በልጆች ላይ ያደረጉት የበርካታ ሆስፒታሎች ጥናት ይህን በግልጽ ያሳያል። ድንገተኛ የከረጢት ሕመም ከነበረባቸው 919 ታካሚዎች መካከል 208ቱ የዘር ፍሬ መጠምዘዝ ነበረባቸው፤ ከነዚህም በ50ዎቹ ላይ፣ ማለትም በ24 በመቶው፣ በዶፕለር የታየው የደም ፍሰት ጤናማ ወይም የጨመረ ነበር። ከአራት ልጆች ለአንዱ «ደም አለ፤ ስለዚህ አልተጠመዘዘም» የሚለው አባባል ስሕተት ይሆን ነበር ማለት ነው። ይኸው ጥናት መፍትሔውንም አብሮ ጠቁሟል። ባለሙያዎቹ የዘር ፍሬውን አንጠልጥሎ የሚይዘውን ገመድ ከብሽሽት ጀምረው ተከትለው ሲመለከቱ፣ ከ208ቱ በ199ኙ ላይ የተጠመዘዘውን ቋጠሮ ራሱን አግኝተዋል። ስለዚህ የመሣሪያው አቅም ሳይሆን እይታው ያረፈበት ቦታ ነው ልዩነቱን ያመጣው።

የሁለት ወረቀቶች ጉድለት

በኔ አስተያየት የችግሩ ሥር የሚገኘው በሁለት አጫጭር ወረቀቶች ላይ ነው፤ በመጠየቂያውና በውጤቱ።

መጠየቂያውን የምንጽፈው እኛ ነን። «የዘር ፍሬ ሕመም፤ ኢንፌክሽን?» የሚለው ጽሑፍ ለመርማሪው የሚነግረው አንዳች ነገር የለም፤ እንዲያውም መልሱን አስቀድሞ በጆሮው ሹክ ይለዋል። ሕመሙ የጀመረበት ሰዓት፣ በድንገት ወይስ ቀስ በቀስ መምጣቱ፣ ማስመለሱ፣ የሽንት ማቃጠልና ፈሳሽ መኖር አለመኖሩ፣ ትኩሳቱ፣ ከዚህ ቀደም ተመሳሳይ ሕመም መጥቶ በራሱ መተዉ፣ በእጅ ምርመራ የተገኘው ሁሉ አልተጻፈም። ከሁሉም በላይ ደግሞ መርማሪው ሲጀምር ሕመሙ በዚያው ሰዓት ቀንሶ ከሆነ፣ ይህ የመዳን ምልክት ሳይሆን የመፈታት ምልክት ሊሆን እንደሚችል የሚያስታውሰው የለም።

በዚህ ረገድ የሚያስተዛዝብ አንድ ነገር አለ። የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2003 ያወጣው፣ በሀገራችንም በምልክት ላይ የተመሠረተው የአባላዘር በሽታዎች አያያዝ የተከተለው የከረጢት እብጠት የውሳኔ መስመር፣ ያለ ምንም መሣሪያ ከመድኃኒት በፊት የሚጠይቀው ቀላል ጥያቄ አለው፦ የዘር ፍሬው ዞሯል ወይም ከፍ ብሏል? የደረሰበት አደጋስ አለ? መልሱ አዎ ከሆነ በአስቸኳይ ወደ ቀዶ ሕክምና ይላካል። በጤና ጣቢያ ያለ ጤና መኮንን ይህን ወረቀት ግድግዳው ላይ ለጥፎ ሲጠይቅ፣ መሣሪያ ያለን እኛ ጥያቄውን ለመሣሪያው ትተነዋል።

እ.ኤ.አ. በ2013 ባርቦዛና ባልደረቦቹ ያቀረቡት የነጥብ አሰጣጥም ተመሳሳይ ትምህርት ይሰጣል። ለዘር ፍሬ እብጠት 2፣ ለጥጥርነት 2፣ ከጭን የሚነሣው ምላሽ ለመጥፋቱ 1፣ ለማቅለሽለሽ ወይም ለማስመለስ 1፣ ከፍ ብሎ ለመቀመጥ 1 ነጥብ ተሰጥቶ ድምሩ 7 ይሆናል። 5 እና ከዚያ በላይ ያለው ከፍተኛ የመጠምዘዝ ጥርጣሬ ነው። ያንን ወጣት ዘግይቼ በዚህ ሚዛን ሳስቀምጠው፣ በካርዱ ላይ በጻፍኩት እብጠትና ማስመለስ ብቻ 3 ነጥብ አለው። ያላየኋቸው ሁለቱ ምልክቶች ኖረው ቢሆን ኖሮ 5 ይሞላ ነበር። በአንድ ደቂቃ የእጅ ምርመራና በአንድ የዘር ፍሬ መካከል የነበረው ርቀት ይህን ያህል ነው።

እርግጥ ነው፣ የእጅ ምርመራም የራሱ ገደብ አለው። እ.ኤ.አ. በ1934 ፕሬን የገለጸው ምልክት፣ ማለትም ከረጢቱ ከፍ ሲደረግ ሕመሙ ከቀለለ ብግነት ነው የሚለው፣ ብቻውን እንደማያስተማምን ከታወቀ ቆይቷል። የጭኑ ምላሽም መኖሩ መጠምዘዝን ሙሉ በሙሉ አያስቀርም። ማንኛውም ምልክት ለብቻው አይፈርድም፤ ታሪክ፣ እጅና ምስል አንድ ላይ ሲቆሙ ግን ፍርዱ ይጠነክራል።

ሁለተኛው ወረቀት የውጤቱ ወረቀት ነው። «ኤፒዲዲሞ ኦርካይቲስ» በሚል አንድ ቃል የሚዘጋ ውጤት ለሐኪሙ ዕረፍት እንጂ መረጃ አይሰጠውም። ጥሩ ውጤት ሊመልሳቸው የሚገቡ ጥያቄዎች ሦስት ናቸው። ገመዱ እስከ ብሽሽት ታይቷል ወይ? ቀጥ ያለ ነው ወይስ ቋጠሮ አለው? ብግነቱ የዘር ፍሬውን ራሱን አስጊ ደረጃ ላይ አድርሷል ወይ? ይኸውም መግል ቋጥሯል ወይም በከፊል ደም አጥቷል ማለት ነው። በመጨረሻም፣ ነገሩ የተለመደ የባክቴሪያ ብግነት ይመስላል ወይስ ሌላ የሚያጠራጥር ነገር አለበት?

ሁለተኛው ጥያቄ በተለይ ችላ የሚባል ነው። በተለመደው ብግነት ደም በቀላሉ ስለሚፈስ የደም ሥሩ የመቋቋም መለኪያ ከ0.5 በታች ይወርዳል። እብጠቱ በጣም ሲበዛ ግን በማይለጠጠው ሽፋኑ ውስጥ ያሉት ደም መላሽ ሥሮች ይታፈናሉ፤ ልብ በሚያርፍበት ቅጽበት የሚፈሰው ደም ይቀንሳል፣ ይቋረጣል ወይም ወደ ኋላ ይመለሳል። ይህ የዘር ፍሬው በብግነቱ ምክንያት ሊሞት መቃረቡን የሚያመለክት ማስጠንቀቂያ ነው። ይህንን ያየ መርማሪ በስልክ ለሐኪሙ ሊናገር ይገባዋል እንጂ በወረቀት ላይ ጽፎ በሳምንቱ እስኪነበብ ሊጠብቅ አይገባውም።

መሣሪያውና አያያዙ

የመሣሪያው ዓይነትና አያያዝ ጉዳይም ሊነሣ ይገባዋል። በበርካታ ሆስፒታሎቻችን ያለው አልትራሳውንድ በዋናነት የሚያገለግለው ለነፍሰ ጡር እናቶች ክትትልና ለሆድ ምርመራ ነው። የሆድ ፕሮብ ጥልቀት ላለው አካል የተሠራ በመሆኑ ከቆዳ ሥር ጥቂት ሚሊ ሜትር ላይ ላለው የዘር ፍሬ አይመችም። ለዚህ ሥራ የሚስማማው ከ7 እስከ 15 ሜጋ ኸርዝ ያለው ቀጥ ያለው ፕሮብ ነው። ዶፕለሩም ለሆድ ትላልቅ የደም ሥሮች እንደተስተካከለ ከተተወ በዘር ፍሬው ውስጥ ያለውን ቀርፋፋ ፍሰት ሊስተው ይችላል፤ ያኔ ደግሞ ጤናማው ፍሬ «ደም የለውም» ይባላል። የፍጥነት ሚዛኑ ዝቅ፣ ማጣሪያውም ወደ ዝቅተኛው መደረግ አለበት።

ለዚህ ሁሉ ቀላሉ መከላከያ ከጤናማው ጎን መጀመር ነው። መርማሪው መሣሪያውን የማያምመው ፍሬ ላይ አስተካክሎ ፍሰቱን ካየ በኋላ፣ አንዳች ነገር ሳይቀይር ወደታመመው ይሻገራል። ሁለቱንም ጎን ለጎን በአንድ ምስል ላይ ማሳየትም ለአንባቢው ሐኪም ከብዙ ቃላት ይበልጣል። ሕመምተኛው በጀርባው ተኝቶ፣ ከከረጢቱ ሥር የታጠፈ ፎጣ ተደርጎ፣ የቀረው ሰውነቱ ተሸፍኖ ሊመረመር ይገባል። ይህ የምስል ጥራት ጉዳይ ብቻ አይደለም። ሆዴን ነው እያለ የመጣ ልጅ በተከፈተ በርና በወረፋተኛ ፊት ሲገለጥ፣ ሌላ ጊዜ ቢያመው ተመልሶ አይመጣም።

በሀገራችን ሊዘነጉ የማይገባቸው መንስኤዎች

ሦስተኛው ጥያቄ፣ ማለትም ሌላ የሚያጠራጥር ነገር መኖር አለመኖሩ፣ በሀገራችን የተለየ ክብደት አለው። የውጭ መጻሕፍት በአንድ አንቀጽ የሚያልፏቸው መንስኤዎች ለእኛ የዕለት ተዕለት ጉዳዮች ሊሆኑ ይችላሉ።

የመጀመሪያው የሳንባ ነቀርሳ ተሕዋስ ነው። ኢትዮጵያ የዓለም ጤና ድርጅት ከፍተኛ የቲቢ ጫና አለባቸው ብሎ ከመዘገባቸው 30 ሀገሮች አንዷ ናት። የኤፒዲዲሚስ ቲቢ ቀስ ብሎ የሚመጣ፣ ሕመሙ አነስተኛ የሆነ፣ አንዳንዴም ቆዳን ቀዶ የሚያዥ እብጠት ነው። በአልትራሳውንድ ኤፒዲዲሚሱ፣ በተለይም ጭራው፣ የተዘበራረቀ መልክ ይይዛል፤ ሲቆይ የካልሲየም ነጠብጣቦች ሊታዩበት ይችላሉ። አንድ ሰው በአንቲባዮቲክ ሳይሻለው ሁለተኛ፣ ሦስተኛ ዙር የሚታዘዝለት ከሆነ ሐኪሙ መድኃኒቱን ሳይሆን ስያሜውን መጠራጠር አለበት።

ሁለተኛው ብሩሴሎሲስ ነው። ያልተፈላ ወተት በሚጠጣባቸውና ሰው ከከብቶቹ ጋር ተቀራርቦ በሚኖርባቸው የአርብቶ አደር አካባቢዎች፣ ትኩሳት፣ ላብና የመገጣጠሚያ ሕመም ያለበት ወጣት ፍሬው ሲያብጥ «የአባላዘር በሽታ» ብሎ ከመደምደም በፊት ስለ ወተቱ መጠየቅ ያስፈልጋል። ሕክምናው የተለየ ነው፤ በአሥር ቀን የሚያልቅም አይደለም። ሦስተኛው ጆሮ ደግፍ ነው። በመደበኛው የክትባት መርሐ ግብራችን ያልተካተተ ስለሆነ ከጉርምስና በኋላ የሚያዙ ወንዶች ይኖራሉ። በአብዛኛው ከጆሮ ሥር እብጠቱ ከ4 እስከ 8 ቀን በኋላ ኤፒዲዲሚሱን ሳይሆን የዘር ፍሬውን ራሱን ያጠቃል። ቫይረስ በመሆኑ አንቲባዮቲክ አይፈይደውም። የደም ፍሰት ጨምሮ ስለታየ ብቻ መርፌ የሚወጋው ልጅ በከንቱ የሚወጋ ነው። በጋምቤላና በምዕራቡ ቆላማ አካባቢ ደግሞ ፊላሪያ አለ። እ.ኤ.አ. በ1994 በብራዚል ተመራማሪዎች እንደተገለጸው፣ በሊንፍ ቱቦዎች ውስጥ የሚወራጩት ሕያዋን ትሎች በአልትራሳውንድ ላይ ራሳቸው ይታያሉ፤ ይህም ክስተት «የፊላሪያ ጭፈራ» ተብሎ ይጠራል።

ከእነዚህ ውስጥ አብዛኞቹን አልትራሳውንድ ብቻውን አይለያቸውም። ምስሉ ጥርጣሬን ይቀሰቅሳል፤ የሚያረጋግጡት የሽንት፣ የደምና የናሙና ምርመራዎች ናቸው። ይህን ሥርዓት ገልብጠን ምስሉን የመጨረሻ ፍርድ ስናደርገው የሽንት ምርመራ እንኳ ሳይታዘዝ ሕመምተኛው ይሸኛል። እኔም ለዚያ ወጣት የሽንት ምርመራ አላዘዝኩም ነበር። ታዝዞ ጤናማ ሆኖ ቢገኝ ኖሮ «ኢንፌክሽን» የሚለውን ቃል እንደገና ለማሰብ አንድ ዕድል ይሰጠኝ ነበር።

ለተቃራኒው አስተያየት የሚሰጥ መልስ

አንዳንድ ባልደረቦች ከዚህ ዓይነቱ ገጠመኝ ተነሥተው አልትራሳውንድ ጊዜ ከማባከን በስተቀር ለድንገተኛ የከረጢት ሕመም አይጠቅምም፤ ሁሉም ቶሎ ይከፈት ይላሉ። የዚህ አስተያየት መነሻ ትክክል ነው። የተጠመዘዘ የዘር ፍሬ በመጀመሪያዎቹ 6 ሰዓታት ውስጥ ከተፈታ ከ90 በመቶ በላይ ይተርፋል፤ ከ24 ሰዓት በኋላ ግን ተስፋው እጅግ አነስተኛ ነው። ጥርጣሬው ከፍተኛ ለሆነበት ሕመምተኛ ወረፋ ማስያዝ ፈጽሞ አይገባም፤ በቀጥታ ወደ ቀዶ ሕክምና ክፍል ሊሄድ ይገባዋል።

ነገር ግን ሁሉንም መክፈት የሚቻለው ቀዶ ሐኪም፣ የሰመመን ባለሙያና ክፍት ክፍል በየሰዓቱ ባለበት ነው። በእኛ ሁኔታ አንድ ክፍል ያለው ሆስፒታል ብግነት ብቻ ያለበትን ወንድ ሲከፍት፣ በዚያው ሰዓት ምጥ የጠናባት እናት ልትጠብቅ ትችላለች። በተጨማሪም ለመካከለኛው ወገን፣ ማለትም ታሪኩና ምርመራው ወደ አንዱም ላላጋደለ ሕመምተኛ፣ በተገቢው ሰውና በተገቢው መንገድ የተሠራ አልትራሳውንድ ትልቅ እገዛ ነው። ስለዚህ የሚያስፈልገው መሣሪያውን መጣል ሳይሆን ለማን፣ መቼና ምን እንዲመልስ እንደምንጠይቀው ማወቅ ነው።

ምን ይደረግ?

ከላይ ከተባለው በመነሣት ለባልደረቦቼ የማቀርባቸው ሐሳቦች ጥቂትና ገንዘብ የማይጠይቁ ናቸው። የምርመራ መጠየቂያው ሕመሙ የጀመረበትን ሰዓት፣ የጭን ምላሹንና የዘር ፍሬውን አቀማመጥ የግድ ይያዝ። ወረቀቱ በእነዚህ ሳይሞላ የመጣለት መርማሪ መልሶ ሊጠይቅ መብት ይኑረው። ከፍተኛ ጥርጣሬ ያለበት ወረፋ አይጠብቅ። የውጤቱ ወረቀት የገመዱን ሁኔታ ሳይጠቅስ «ኤፒዲዲሞ ኦርካይቲስ» ብሎ አይዝጋ። ገመዱ ካልታየ «አልታየም» ተብሎ ይጻፍ፤ ይህ የባለሙያው ድክመት ሳይሆን ሐቀኝነቱ ነው።

በብግነት ስም ወደ ቤቱ የሚሸኝ ወጣት በሳምንት ሳይሆን ከ24 እስከ 48 ሰዓት ውስጥ ተመልሶ ይታይ፤ ሕመሙ ሄዶ ከተመለሰ ደግሞ በየትኛውም ሰዓት እንዲመጣ በሚገባው ቋንቋ ይነገረው። ሕክምናውን ጨርሶ እብጠቱ የቀረ ሰው ከ6 ሳምንት ገደማ በኋላ እንደገና በአልትራሳውንድ ይታይ፤ በብግነት ስም የተደበቀ ዕጢ የሚያዘው በዚህ ጊዜ ነው። ለጉርምስና ያልደረሰ ልጅ ኤፒዲዲሚሱ ስላበጠ ብቻ፣ ሽንቱ ጤናማ ሆኖ ሳለ፣ አንቲባዮቲክ አይሰጠው።

ያ ወጣት ዛሬ በአንድ የዘር ፍሬ ይኖራል። በአንዱም ልጅ መውለድ እንደሚችል ለእርሱም ለአባቱም ነግሬያቸዋለሁ፤ እውነትም ነው። አባትየው ላነሡት ጥያቄ ግን ዛሬ ቢሆን ኖሮ የምመልስላቸው እንዲህ ነበር፦ አዎን፣ በመሣሪያ ታይቷል። ነገር ግን መሣሪያው የሚያየው የተጠየቀውን ነው፤ እኔም ተገቢውን ጥያቄ አልጠየቅሁትም። ይህን መልስ ለሌላ አባት መስጠት እንዳያስፈልገን ጥያቄውን ከመሣሪያው በፊት በእጃችን እንጀምረው።